«ታዲያ ዳንኤልን ማን ጻፈው?»
የብሉይ ኪዳን መጻሕፍት የተጻፉበት ዘመን እንዴት ይታወቃል?



ለትምህርተ ክርስቶስ መምህራን በተዘጋጀ አንድ የሦስት ቀን ኮርስ ላይ ስለ ብሉይ ኪዳን መጻሕፍት አጠር ያለ ትምህርት እንድንሰጥ ተጠይቀን ነበር። ስለ ትንቢተ ዳንኤል ስንናገርም፣ መጽሐፉ አሁን ባለው መልኩ የተጻፈው በባቢሎን ምርኮ ዘመን ሳይሆን ከዚያ ወደ አራት መቶ ዓመት በሚጠጋ ጊዜ ዘግይቶ እንደ ሆነ አብዛኞቹ ሊቃውንት እንደሚያስተምሩ ጠቅሰን ወደሚቀጥለው ርእስ አለፍን። በዕረፍት ሰዓት አንድ በዕድሜ የገፉ መምህር መጽሐፍ ቅዱሳቸውን በሁለት እጃቸው እንደ ያዙ ቀረቡንና «አባ፣ ዳንኤልን ዳንኤል ካልጻፈው፣ እኔ ሠላሳ ዓመት ሙሉ ለልጆቹ ያስተማርሁት ውሸት ነበር ማለት ነዋ?» አሉን። እኛም ደወል መደወሉን ሰበብ አድርገን «አይጨነቁ መምህር፣ እምነትዎን የሚነካ ነገር የለበትም» ብለን ሸኘናቸው። የተናገርነው ስሕተት አልነበረበትም፤ ለጠየቁት ጥያቄ ግን የሚበቃ አልነበረም። ሽማግሌው አንገታቸውን ደፍተው ሲሄዱ ማየታችን እስከ ዛሬ ይቆረቁረናል።

ይህን ጽሑፍ የምናቀርበው ለእርሳቸውና እንደ እርሳቸው ለሚጠይቁ ሁሉ ነው። ወጣቶቻችንም መጽሐፍ ቅዱስ በኋላ ዘመን የተጠናቀረ ተረት ነው የሚል ወሬ ከየስልኩ እየሰሙ ይመጣሉ። መምህሩ ሲቆጣቸው ወይም ዝም ሲላቸው ሌላ የሚጠይቁት ሰው ፈልገው ይሄዳሉ፤ የሚያገኙትም ሁልጊዜ ደግ መካሪ አይደለም።

በመጀመሪያ ሁለት ነገሮችን ለይቶ ማየት ይገባል። በእጃችን ያለው ቅጂ መቼ ተጻፈ የሚለው ጥያቄ አንድ ነው፤ በቅጂው ውስጥ ያለው ቃል መጀመሪያ መቼ ተደረሰ የሚለው ደግሞ ሌላ ነው። በአንድ ቤተ ክርስቲያን ዕቃ ቤት የሚገኝ የብራና ዳዊት ከመቶ ዓመት በፊት የተገለበጠ ሊሆን ይችላል፤ መዝሙሩ ግን ከብራናው እጅግ ይበልጣል። ቅጂው የሚነግረን መጽሐፉ ቢያንስ በዚያ ጊዜ እንደ ነበረ ብቻ ነው።

የቅጂን ዘመን ለማወቅ ሊቃውንት በተለይ ሁለት መንገዶችን ይጠቀማሉ። አንደኛው የፊደሉን ቅርጽ መመርመር ነው። ፊደል እንደ ልብስ ከዘመን ዘመን መልኩን ይለውጣል፤ የግዕዝ መጻሕፍትን የሚያውቅ ሊቅ የቁም ጽሕፈቱን አይቶ በየትኛው ዘመነ መንግሥት እንደ ተጻፈ እንደሚገምት ሁሉ፣ የዕብራይስጥ ፊደል አዋቂዎችም እንዲሁ ያደርጋሉ። እስራኤላውያን ከምርኮ በፊት የሚጽፉት በጥንታዊው የዕብራይስጥ ፊደል ነበር፤ ከምርኮ በኋላ ግን ቀስ በቀስ ከአራማይስጥ የተወሰደውን ዛሬ የምናውቀውን አራት ማዕዘን ፊደል ያዙ። ሁለተኛው መንገድ የካርቦን 14 ምርመራ ነው። በሕይወት ያለ እንስሳ ወይም ተክል ይህን የካርቦን ዓይነት ከአየርና ከምግብ ዘወትር ይቀበላል፤ ሲሞት መቀበሉን ያቆማል፣ በውስጡ ያለውም በታወቀ ፍጥነት እየቀነሰ ይሄዳል። በ5,730 ዓመት ገደማ እኩሌታው ያልቃል። ስለዚህ ከብራናው ጠርዝ ጥቂት ቆርጦ የቀረውን በመለካት ፍየሉ ወይም በጉ መቼ እንደ ታረደ መገመት ይቻላል። ጸሐፊው መቼ በቀለም እንደ ጻፈበት ግን ምርመራው በቀጥታ አይናገርም። በዓድዋ አጠገብ በአባ ገሪማ ገዳም የሚገኙት ወንጌላት ከ330 እስከ 650 ዓ.ም. ባለው ጊዜ ውስጥ የተዘጋጁ ብራናዎች እንደ ሆኑ የተመለከተው በዚሁ ዓይነት ምርመራ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1947 በሙት ባሕር ዳርቻ በቁምራን አካባቢ የበደዊን እረኞች በዋሻ ውስጥ የብራና ጥቅልሎችን አገኙ። ከዚያ በፊት የነበረው ሙሉ የዕብራይስጥ መጽሐፍ ቅዱስ ቅጂ ከ1008 ዓ.ም. ገደማ የሚቀድም አልነበረም። በዋሻው የተገኘው የኢሳይያስ ጥቅልል ግን ርዝመቱ ከ7 ሜትር የሚበልጥ፣ 66ቱንም ምዕራፎች የያዘና ቅድመ ልደተ ክርስቶስ በሁለተኛው መቶ ዓመት ማብቂያ ገደማ የተጻፈ ነው። የሺህ ዓመት ዕድሜ በአንድ ጊዜ ተጨመረልን ማለት ነው።

ከዚያም የሚበልጥ አለ። እ.ኤ.አ. በ1979 ከጥንታዊት ኢየሩሳሌም ደቡብ ምዕራብ ኬቴፍ ሒኖም በተባለ ስፍራ፣ በአንድ የመቃብር ዋሻ ውስጥ ሁለት ትናንሽ የብር ጥቅልሎች ተገኙ። እንደ ክታብ በአንገት የሚንጠለጠሉ ነበሩ። በጥንቃቄ ሲዘረጉ በመርፌ ጫፍ የተጫረ በሚመስል ጽሑፍ፣ በኦሪት ዘኍልቍ ምዕራፍ 6 ያለው የካህናት ቡራኬ ቃል ተነበበባቸው። የተጻፉት በሰባተኛው መቶ ዓመት መጨረሻ ወይም በስድስተኛው መጀመሪያ ቅድመ ልደተ ክርስቶስ እንደ ሆነ ሊቃውንቱ ያስረዳሉ፤ ይህም ከሙት ባሕር ጥቅልሎች በአራት መቶ ዓመት ገደማ የሚቀድም ነው። «ሁሉም ነገር በኋላ ዘመን የተፈጠረ ነው» ለሚል ወጣት ይህን መንገር መልካም ነው።

አሁን ወደ ከባዱ ጥያቄ እንምጣ። ቃሉ ራሱ የተደረሰበት ዘመን በምን ይታወቃል? እዚህ ላይ መሣሪያው ማንበብ ነው፤ ደጋግሞ፣ በጥንቃቄ፣ ያለ ፍርሃት ማንበብ።

አንድ ምሳሌ እንውሰድ። ስለ ንጉሥ ላሊበላ የሚናገር አንድ መጽሐፍ ቢገኝና ንጉሡ ለሠራተኞቹ ጠገራ ብር ከፈለ ቢል፣ አንባቢው ምን ይላል? የማሪያ ቴሬዛ ብር በአሥራ ስምንተኛው መቶ ዓመት የወጣ ነውና መጽሐፉ ከዚያ በኋላ ተጽፏል ይላል። ቀዳማዊ ዜና መዋዕል ምዕራፍ 29 ቁጥር 7 ላይ ተመሳሳይ ነገር እናገኛለን። በዳዊት ዘመን ለቤተ መቅደስ ሥራ የተሰጠው ወርቅ በዳሪክ ተቈጥሯል፤ ዳሪክ ግን ከዳዊት በኋላ ወደ አምስት መቶ ዓመት በሚጠጋ ጊዜ በፋርስ ንጉሥ በዳርዮስ ዘመን መቀረጽ የጀመረ ገንዘብ ነው። ጸሐፊው ዋሽቷል? አልዋሸም፤ አድማጮቹ በሚያውቁት ገንዘብ ተረጐመላቸው እንጂ። በዚህም ሳያስበው የራሱን ዘመን ነገረን። እንዲሁም ኦሪት ዘፍጥረት ምዕራፍ 36 ቁጥር 31 የኤዶምን ነገሥታት ሲዘረዝር በእስራኤል ንጉሥ ከመንገሡ በፊት የነበሩ ናቸው ይላል፤ ይህን የሚል ሰው በእስራኤል ንጉሥ መንገሡን የሚያውቅ ነው። የኦሪት ዘዳግም የመጨረሻ ምዕራፍም የሙሴን ሞትና የተደረገለትን ለቅሶ ይተርካል።

ቋንቋም ይመሰክራል። በመጽሐፈ ነገሥት ደብዳቤ «ሴፌር» ይባላል፤ ከምርኮ በኋላ በተጻፉት በአስቴር፣ በነህምያና በዜና መዋዕል ግን «ኢጌሬት» የሚለው ቃል ይገባል። አንድ ቃል ብቻውን ብዙ አይናገርም፤ ብዙ ቃላት ሲተባበሩ ግን ምስክርነታቸው ይጠነክራል።

በትንቢተ ኢሳይያስ ደግሞ የመጀመሪያዎቹ 39 ምዕራፎች በአብዛኛው የአሦርን ዛቻ ያዩ ናቸው፤ ነቢዩ የተጠራው ንጉሥ ዖዝያን በሞተበት ዓመት፣ በስምንተኛው መቶ ዓመት ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ነው። ከምዕራፍ 40 ጀምሮ ግን ኢየሩሳሌም ፈርሳለች፣ ሕዝቡ በባቢሎን ነው፣ ባቢሎንን በ539 የያዘው ቂሮስም በምዕራፍ 44 እና 45 በስሙ ተጠርቷል። ስለዚህ ይህ ክፍል በምርኮ ዘመን የኢሳይያስን ትምህርት በወረሰ ሌላ ነቢይ አፍ የተነገረ እንደ ሆነ ሊቃውንት ይናገራሉ። «እግዚአብሔር አስቀድሞ የቂሮስን ስም መግለጥ አይችልምን?» የሚል ይኖራል። ይችላል፤ በዚህ አንከራከርም። የሚጠየቀው ቃሉ ለማን እንደ ተነገረ ነው። ሰው ሳይሞት ለቅሶ የሚደርስ የለም። ምዕራፍ 40 ሕዝቡን አጽናኑ ብሎ ሲጀምር፣ የሚያለቅሱት ሰዎች በፊቱ ተቀምጠዋል።

ወደ ሽማግሌው መምህራችን ጥያቄ እንመለስ። የትንቢተ ዳንኤል ታሪክ የተቀመጠው በስድስተኛው መቶ ዓመት፣ በናቡከደነፆርና በተከታዮቹ ዘመን ነው። ሊቃውንቱ ወደ ሁለተኛው መቶ ዓመት ያወረዱት በምን ምክንያት ነው?

በምዕራፍ 3 ከተጠቀሱት የሙዚቃ መሣሪያዎች ሦስቱ የግሪክ ስም አላቸው። በዐፄ ፋሲል ዘመን ተጻፈ በተባለ ደብዳቤ ላይ «ሚኒስትር» የሚል ቃል ብናገኝ እንደምንጠራጠረው ያለ ነው። ይሁን እንጂ ነጋዴዎች ከስሙ ጋር ዕቃውን ቀደም ብለው አምጥተውት ሊሆን ስለሚችል፣ በእኛ አስተያየት ይህ ብቻውን አይበቃም። ይልቅ የሚያሳምነን ታሪኩ ነው። መጽሐፉ ስለ ባቢሎን ሲናገር ነገሩ ደብዘዝ ይላል። በምዕራፍ 5 ብልጣሶር የናቡከደነፆር ልጅና ንጉሥ ተብሏል፤ የባቢሎን ሰነዶች ግን የናቦኒድ ልጅ እንደ ነበረና አባቱን ወክሎ እንዳስተዳደረ ይናገራሉ። ወደ ምዕራፍ 11 ስንደርስ ግን ታሪኩ በድንገት እንደ ቀትር ፀሐይ ይጠራል። በግብፅና በሶርያ የነገሡት የእስክንድር ወራሾች ጦርነት፣ ጋብቻቸውና ክዳታቸው፣ በ168 ሮማውያን አንጥያኮስ ኤጲፋንዮስን ከግብፅ መመለሳቸው፣ በ167 ቤተ መቅደሱን ማርከሱ በቅደም ተከተል ተነግሯል። ከቁጥር 40 በኋላ ግን መጽሐፉ ከምናውቀው ታሪክ ይለያል፤ ንጉሡ በባሕርና በቅዱሱ ተራራ መካከል ድንኳኑን ተክሎ እንደሚጠፋ ይናገራል። አንጥያኮስ የሞተው በ164 በፋርስ ምድር ነው። እንግዲህ ጸሐፊው የቤተ መቅደሱን መርከስ አይቷል፣ የንጉሡን አሟሟት ግን ገና አልሰማም። ብዕሩን የያዘው በእነዚያ ሦስት ዓመታት ውስጥ ነው።

ሌሎች ምስክሮችም አሉ፤ ከእነርሱም አንዱ በካቶሊክ መጽሐፍ ቅዱሳችን ውስጥ ይገኛል። መጽሐፈ ሲራክ በ180 ገደማ ሲጻፍ ከምዕራፍ 44 ጀምሮ የቀደሙትን አባቶች ያመሰግናል፤ ኢሳይያስን፣ ኤርምያስን፣ ሕዝቅኤልን፣ አሥራ ሁለቱንም ነቢያት ይጠራል። ዳንኤልን አይጠራም። ከዚያ በኋላ የተጻፈው ቀዳማዊ መቃብያን ግን በምዕራፍ 2 ዳንኤልንና ሦስቱን ወጣቶች ያነሣል። (እዚህ ላይ መምህራን ይጠንቀቁ፤ የምንናገረው በካቶሊክ መጽሐፍ ቅዱስ ስላሉት ሁለቱ የመቃብያን መጻሕፍት ነው። በግዕዝ ትውፊት የቆየው መጽሐፈ መቃብያን ይዘቱ ሌላ ነው።) በቁምራን ከተገኙት የዳንኤል ቅጂዎች አንዱ፣ የምዕራፍ 10 እና 11ን ቁርጥራጮች የያዘው፣ በቅርቡ እንደ ገና ተመርምሯል። በሆላንድ የግሮኒንገን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች የካርቦን ምርመራንና የፊደል ቅርጽን በኮምፒውተር አጣምረው እ.ኤ.አ. በ2025 ባወጡት ጥናት፣ ቅጂውን ከ230 እስከ 160 ቅድመ ልደተ ክርስቶስ ባለው ጊዜ ውስጥ አስቀምጠውታል። ይህም ብራናውን ከጸሐፊው ዘመን ጋር የሚያገናኝ ነው። የኮምፒውተር ፕሮግራሙን «ሄኖክ» ብለው ሰይመውታል፤ መጽሐፈ ሄኖክን ሙሉ በሙሉ ጠብቃ ያቆየችው የግዕዝ ቋንቋ ብቻ እንደ ሆነች ለምናውቅ ለእኛ ስሙ ፈገግ ያሰኛል።

ይህ አስተያየት አዲስ ነው ብላችሁ አታስቡ። በሦስተኛው መቶ ዓመት ፖርፊርዮስ የተባለ የክርስትና ጠላት፣ ዳንኤል በአንጥያኮስ ዘመን የተጻፈ ነው፤ ስለዚህ ያለፈውን እንደሚመጣ አድርጎ የሚያወራ ሐሰተኛ መጽሐፍ ነው ብሎ ጽፎ ነበር። ቅዱስ ሄሮኒሞስ በዳንኤል ትርጓሜው ተከራክሮታል። እንደ እኛ ግምት ፖርፊርዮስ ዘመኑን አውቋል፤ «ስለዚህ ሐሰት ነው» ባለው ላይ ግን ተሳስቷል። የሽማግሌው መምህር ጭንቀትም ያረፈው በዚችው «ስለዚህ» ላይ ነው።

በዚያ ዘመን በአንድ የጥንት ቅዱስ ስም መጻፍ የታወቀ ልማድ ነበር። መጽሐፈ ጥበብ በሰሎሞን አፍ ይናገራል፤ የተጻፈው ግን በግሪክኛ ነው፣ ሰሎሞንም ግሪክኛ አልጻፈም። እኛም የሐዋርያት ቅዳሴ ስንል ሐዋርያት ተቀምጠው በግዕዝ ጻፉት ማለታችን አይደለም፤ እምነቱ የእነርሱ ነው ማለታችን ነው። በሊቃውንቱ ግምት በዳንኤል የመጀመሪያ ክፍል ያሉት ታሪኮች በአይሁድ ዘንድ ከቀድሞ ጀምሮ ሲተረኩ የኖሩ ናቸው። በአንጥያኮስ ዘመን የነበረው ጸሐፊ እነዚህን ሰብስቦ፣ ራእዮቹን ጨምሮ፣ ለሚገደሉ ወገኖቹ ሰጣቸው።

ሰምና ወርቅ የሚያውቅ ሕዝብ ይህን ለመረዳት አይቸገርም። የገዥው ስም በማይጠራበት ዘመን የኖረ ሰው ስለ ጥንት ንጉሥ ሲተረክለት ስለ ማን እንደሚነገር ያውቃል። ናቡከደነፆር ሰም ነው፤ አንጥያኮስ ወርቅ ነው።

ቤተ ክርስቲያን ወደዚህ አስተያየት የመጣችው በዝግታ ነው፤ ይህንም መሸፈን አያስፈልግም። እ.ኤ.አ. በ1906 የጳጳሳዊው የመጽሐፍ ቅዱስ ኮሚሲዮን ስለ ሙሴ ደራሲነት የሰጠው መልስ ጥብቅ ነበር። በ1890 በኢየሩሳሌም የመጽሐፍ ቅዱስ ትምህርት ቤትን የመሠረቱት ዶሚኒካዊው አባ ላግራንዥ በዚህ ጥናት ምክንያት ተጠርጥረው በ1912 ከኢየሩሳሌም እንዲርቁ ተደርገው ነበር፤ በትዕግሥት ታዘዙ፣ በሚቀጥለው ዓመትም ተመለሱ። ር.ሊ.ጳ. ፒዮስ 12ኛ በ1943 ባወጡት መልእክት ሊቃውንት የጥንት ጸሐፊዎችን የአጻጻፍ ስልት እንዲመረምሩ አበረታቱ፤ ሁለተኛው የቫቲካን ጉባኤም በ1965 ስለ መለኮታዊ ግልጠት ባወጣው ሰነድ ይህንኑ አጸና። ትንቢተ ዳንኤል በየትኛው ዓመት እንደ ተጻፈ ግን ቤተ ክርስቲያን የእምነት አንቀጽ አላደረገችውም። ቀደም ባለው ዘመን ተጽፏል የሚል ምእመን ቢኖር ማንም አያወግዘውም።

ዘመኑን ማወቅ ታዲያ ለመምህሩ ምን ይሰጠዋል? ዳንኤልን ከማስተማራችሁ በፊት ቀዳማዊ መቃብያን ምዕራፍ 1ን አንብቡ። ልጆቻቸውን ስላስገረዙ የተገደሉ እናቶችን፣ ሕፃናቱንም በአንገታቸው ተንጠልጥለው ታገኛላችሁ። ካልአይ መቃብያን ምዕራፍ 6 እና 7ን አንብቡ፤ ሽማግሌው አልዓዛርና ሰባቱ ወንድማማቾች ከነእናታቸው የተከለከለ ሥጋ አንበላም ብለው ይሞታሉ። ከዚያ ትንቢተ ዳንኤል ምዕራፍ 1ን ግለጡ፤ አራት ወጣቶች የንጉሡን መብል እምቢ ይላሉ። ለልጆች ስለ ጾም ጥቅም ብቻ ስናስተምርበት የኖርነው ይህ ምዕራፍ፣ መጀመሪያ ሲነበብ በምግብ ምክንያት ልጇን የቀበረች እናት ትሰማው ነበር። በምዕራፍ 3 ሦስቱ ወጣቶች አምላካቸው ሊያድናቸው እንደሚችል፣ ባያድናቸውም እንኳ ለጣዖቱ እንደማይሰግዱ ለንጉሡ ይነግሩታል። «ባያድነንም» የሚለውን የሰሙት ሰዎች ያልዳኑ ወገኖች ነበሯቸው። በምዕራፍ 12 መጀመሪያ ላይ በምድር ትቢያ ያንቀላፉት እንደሚነቁ በዚያ ግልጽነት የተነገረውም ለእነዚህ ነው። በየቀብሩ የምንሰብከው የትንሣኤ ተስፋ በብሉይ ኪዳን እንዲህ ጐልቶ የተገለጠው በሰማዕታት መቃብር አጠገብ ነው።

በዚሁ ምዕራፍ በቁጥር 11 እና 12 ሁለት ቁጥሮች ተከታትለው ይገኛሉ። የመጀመሪያው መከራው 1,290 ቀን እንደሚቆይ ይናገራል፤ ወዲያው ቀጥሎ ግን ታግሦ እስከ 1,335 ቀን የሚደርስ ብፁዕ እንደ ሆነ ይነገራል። ብዙ ሊቃውንት እንደሚመስላቸው የመጀመሪያው ቁጥር ሞልቶ የተጠበቀው ሳይሆን ሲቀር ሁለተኛው ተጨመረ። በሁለቱ መካከል ያለው አርባ አምስት ቀን ነው። ያ ሰው መጽሐፉን አልቀደደም፣ የመጀመሪያውንም ቁጥር አልፋቀም፤ ከጎኑ ሌላ ጽፎ መጠበቁን ቀጠለ። ሽማግሌውን መምህር ደግመን ስናገኛቸው መጀመሪያ አብረን የምንከፍተው ይህን ገጽ ነው።